ለሴቫችንም መሸኛ ይሰጠን

አገራችን ውስጥ እንደ «ከዜሮ ጀምር» ርካሽ የሆነ ምክር የለም። መካሪውን አምስት ሳንቲም አያስወጣውም፤ ተመካሪውን ግን ዓመታት ያስከፍለዋል። ስልክህ መናኸሪያ ውስጥ ተሰረቀ? «ዋናው ጤና ነው፣ ከዜሮ ትጀምራለህ።» ላፕቶፕሽ ሊጠገን ሄዶ ፎርማት ተደርጎ መጣ? «ምን ችግር አለው፣ እንደገና ትጭኚዋለሽ።» የጠፋው ጌም ከሆነማ ምክሩ ላይ ሳቅ ይጨመርበታል፦ «በጌም ነው እንዴ እንዲህ የምትሆኚው?»

አዎ፣ በጌም ነው። ክርክሬ አጭር ነው፦ ከዜሮ መጀመር የሚጣፍጠው የመረጥከው አንተ ስትሆን ብቻ ነው። ሌላ ሰው ሲመርጥልህ ስሙ ይቀየራል፤ ዘረፋ ይባላል። ይህ ለጌምም ይሠራል፣ ለኑሮም ይሠራል። ከጌሙ የምጀምረው ግን በምክንያት ነው። በትንሹ ነገር ላይ ያልለመድነውን ክብር በትልቁ ላይ ከየት እናመጣዋለን?

የኑሮ ጌም የምለው ሲምስን፣ ስታርዲው ቫሊን፣ አኒማል ክሮሲንግን፣ ሄይ ዴይን እና መሰሎቻቸውን ነው። እዚህ ቤት ዋንጫ የለም። ቤት ትሠራለህ፣ ታገባለህ፣ ትወልዳለህ፣ ትዘራለህ፣ ላም ታልባለህ፣ ከጎረቤት ትጣላለህ፣ ትታረቃለህ። ኳስ ጌም ላይ 3 ለ 0 ብትሸነፍ የጠፋብህ የአንድ ጨዋታ ጊዜ ነው፤ «ድገመኝ» ብለህ ትቀጥላለህ። በኑሮ ጌም ግን ጌሙ ማለት የተቆየበት ጊዜ ነው። ሴቩን ብትወስድበት የሚቀረው ባዶ መሬትና የሚያባብል ሙዚቃ ብቻ ነው።

አዳማ ላይ ጌም ሲባል መጀመሪያ የሚታየን ፕሌይስቴሽን ቤቱ ነው። በሩ ላይ መጋረጃ፣ ውስጡ ወበቅ፣ በጨዋታ የሚቆጠር ሂሳብ፣ ከኋላ ቆሞ «ተራዬ ነው» የሚል ሕፃን። እዚያ ቤት ማስተር ሊግ የጀመረ ልጅ ሴቩ ያለው በባለቤቱ ማሽን ላይ ነው። አንድ ቀን ሌላ ሰው ላዩ ላይ ሴቭ ቢያደርግበት ጠብ ይነሳል፤ ጓደኛ ገብቶ ገላጋይ ይሆናል። ማንም «ጌም ነው እኮ» አይለውም። ስድስት ሲዝን የለፋበት ቡድን መሆኑ ለሁላችንም ይገባናል።

አሁን በወንድሟ አሮጌ ላፕቶፕ ላይ ሲምስ የምትጫወት ልጅ እናስብ። ሦስት ትውልድ አሳድጋለች። አያቲቱ የምትቀመጥበትን ወንበር ታውቃለች፣ የትኛው ልጅ ከየትኛው ክፍል እንደሚተኛ ታውቃለች። ላፕቶፑ ሲሸጥ ማንም አይጠይቃትም። ስታለቅስ «አሻንጉሊት ነው እኮ» ትባላለች። በሁለቱ መካከል ያለው ልዩነት ምንድን ነው? የልጁ ሴቭ ኳስ ነው፣ የልጅቷ ሴቭ ቤት ነው፤ ሌላ ልዩነት የለውም። የቤት ሥራ በኑሮ አይቆጠርም፤ ይኸው በጌምም አልተቆጠረም።

ፋይል ነው፣ ያውም ትንሽ ፋይል

«ሴቭ አይሻገርም» የሚሉህ ሰዎች ሴቭን ከሥጋዋ የማትለይ ነፍስ ያስመስሉታል። አይደለም። ሲምስ 4 ኮምፒውተር ላይ ሲጫን ዶክመንትስ ውስጥ ኤሌክትሮኒክ አርትስ የሚል ፎልደር ይከፍታል፤ በዚያ ውስጥ ሲምስ 4 የሚል አለ፤ በእሱ ውስጥ ደግሞ ሴቭስ የሚል አለ። ሦስቱ ትውልድ፣ ሠርጉ፣ የሳሎኑ ምንጣፍ፣ ሁሉም እዚያ ውስጥ ነው። በፍላሽ ገልብጠህ ሌላ ማሽን ላይ እዚያው ቦታ ብታስቀምጠው ቤተሰቡ ምንም እንዳልተፈጠረ ቁርሱን ይቀጥላል። ስታርዲው ቫሊም ከዚህ አይለይም፤ ኮምፒውተር ላይ ሴቩ ማለት በገበሬህ ስም የተሰየመ አንድ ፎልደር ነው። ማኪያቶህ ሳይቀዘቅዝ ተገልብጦ ያልቃል።

ታዲያ ችግሩ የት ነው? ችግሩ የሚጠይቅ ሰው አለመኖሩ ነው። ላፕቶፕ ወደ ጥገና ሲሄድ «ፎቶ፣ ዶክመንት አለህ?» ትባላለህ፤ የመመረቂያ ጽሑፍህ ይቀመጥልሃል። «ጌም ላይ ያስቀመጥከው ነገር አለህ?» ብሎ የሚጠይቅ ባለሙያ ግን ብርቅ ነው። ያው «ጌም» ሲሉት ዕቃ መስሎ ይታያቸዋል፤ እንደገና የሚጫን ዕቃ።

ስልክ ላይ ነገሩ ይብሳል። ዳታ ላለማቃጠል ጌም የምንለዋወጠው በሼርኢት ወይም በዜንደር ነው። ዜንደር ግን የሚያሻግርልህ አፑን ነው። አዲሱ ስልክ ላይ ይከፈታል፣ ሙዚቃው ይጀምራል፣ ከዚያ «እንኳን ደህና መጣህ፣ ስምህ ማን ይባላል?» ይልሃል። ሁለት ዓመት አብረኸው የኖርክ መንደር ስምህን ይጠይቅሃል! ከአንድሮይድ 11 ወዲህ ደግሞ አፖች ዳታቸውን የሚያስቀምጡበት ፎልደር በተራ ፋይል ማኔጀር እንዳይነካ ተቆልፏል። ምክንያቱ ደኅንነት ነው፤ ጥሩ ምክንያት ነው። ግን በሩን ሲቆልፉ ለቤቱ ባለቤት ቁልፍ አልሰጡትም።

«በጂሜይልህ አገናኘው፣ ክላውድ ላይ ይቀመጥልሃል» የሚል አይጠፋም። ጥሩ። በማን ጂሜይል? ባቱ ወይም መቂ ሞባይል ቤት ገብቶ የመጀመሪያ ስልኩን የሚገዛ ሰው አካውንቱን የሚከፍትለት ብዙ ጊዜ ሻጩ ነው። ፓስወርዱን ገዢው አያውቀውም፣ ሻጩም በሳምንቱ ይረሳዋል። ስልኩ የሞተ ቀን አካውንቱም አብሮ ይቀበራል። ደግሞስ ኔትወርክ ባይኖር? በ2012 ዓ.ም. ሰኔ መጨረሻ ኢንተርኔት በመላ አገሪቱ ተቋርጦ ለሳምንታት ቆይቷል። በዚያ ሰሞን ከጌም እጅግ የከበደ ነገር ነበር፤ በዚህ አልከራከርም። ቁልፉ እጅህ ላይ ያልሆነ ጎተራ የአንተ ጎተራ እንዳልሆነ ግን ያኔ አይተናል።

መብራትም አለ። ስታርዲው ቫሊ ኮምፒውተር ላይ ሴቭ የሚያደርገው ገበሬህ ሲተኛ ነው። ስለዚህ ዴስክቶፕ ላይ የምትጫወት ከሆነና መብራት ከሄደ፣ ቀኑን ሙሉ ያጠጣኸው ማሳ ውኃ እንዳላየ ሆኖ ይጠብቅሃል። በዚህ ላይ ጃፓኖች አንድ የሚያስቅ ነገር ሠርተዋል። በቀደሙት አኒማል ክሮሲንግ ጌሞች ውስጥ ሚስተር ረሴቲ የሚባል ፍልፈል አለ። ሴቭ ሳታደርግ ማሽኑን ካጠፋህ በሚቀጥለው ስትከፍት ከመሬት ብቅ ብሎ ይቆጣሃል፤ ማጭበርበር ነውር እንደሆነ ረዘም ያለ ስብከት ይሰብክሃል። ይህ ፍልፈል አዳማ ቢመደብ ምን ሊውጠው ነው? በየሠፈሩ እየወጣ ማንን ይቆጣል? መብራት ኃይልን? ጌሙን የሠሩት ሰዎች ያልታያቸው ነገር ይህ ነው፤ ማሽን የሚጠፋው ተጫዋቹ ስላጠፋው ብቻ መሰላቸው።

«ደስታው እኮ መጀመሩ ነው»

ከተቃራኒው ወገን ጠንካራው ክርክር ይህ ነው፣ በአግባቡ ልመልሰው። የኑሮ ጌም ምርጡ ክፍል መጀመሪያው ነው ይላሉ። ሲምስ 4 ላይ አንድ ሰው ፈጥረህ በ20,000 ሲሞሊየን ጠባብ ቤት ስትሠራ፣ አልጋ ልግዛ ወይስ ምድጃ ብለህ ስትጨነቅ፤ ያ ነው ጌሙ። ሀብታም ከሆንክ በኋላ ይሰለቻል። ስታርዲው ላይም በ500 ወርቅና በ15 የፓርስኒፕ ዘር የምትጀምርበት የመጀመሪያው ጸደይ ከሚቀጥሉት ዓመታት ሁሉ ይበልጣል። «ስለዚህ ሴቭህ ቢጠፋ ተመስገን በል፣ ምርጡን ክፍል ደግመህ ታገኘዋለህ።»

ግማሹ እውነት ነው። እኔም ባዶ መሬት ላይ የመጀመሪያዋን ግድግዳ የማቆም ደስታን አውቀዋለሁ። ግን ሜኑውን እዩት። «አዲስ ጌም» የሚለው ቁልፍ «ጫን» ከሚለው አጠገብ ነው የተቀመጠው። አዲስ ስትጀምር አሮጌው አይጠፋም፤ እዚያው ይጠብቅሃል። ምርጫ ማለት ይህ ነው። አሮጌው ተሰርዞ «አዲስ ጌም» ብቻውን ሲቀር ያው ቁልፍ ሌላ ነገር ይሆናል። ጾምና ረሃብ ሆድ ውስጥ ይመሳሰላሉ፤ አንድ የሚላቸው ግን የለም።

ደግሞ እነዚህ ሰዎች የሚያወድሱትን ጌም በደንብ አልተጫወቱትም። ስታርዲው ቫሊ ከዜሮ አይጀምርም! ታሪኩ የሚከፈተው በአያት ነው። አያትህ ሊሞቱ ሲሉ የታሸገ ደብዳቤ ይሰጡሃል፤ ዓመታት ቆይቶ ከተማ ሲያንገፈግፍህ ትከፍተዋለህ፤ ውስጡ የእርሻ መሬት ውርስ አለ። 15 ዘር የምትዘራበት መሬት የሌላ ሰው ዕድሜ ነው። በሦስተኛው ዓመት መጀመሪያ ላይም አያትህ ተመልሰው ውርሱን ምን እንዳደረግከው ይመዝኑሃል። ስለ አዲስ ጅማሬ የተሠራ በጣም ተወዳጅ ጌም የተሠራው በሚሻገር ነገር ላይ ነው። ኤሪክ ባሮን ብቻውን ዓመታት ደክሞ እ.ኤ.አ. በ2016 ያወጣው ጌም ይህ ነው። ያለ ውርስ ጅማሬ እንደሌለ ከእኛ መካሪዎች በተሻለ ገብቶታል።

ዕዳ ሲሆን ይሻገራል

አሁን የሚያናድደኝ ላይ ደረስኩ። «ቴክኒኩ አይፈቅድም፣ ሴቭ ከማሽን ማሽን ማሻገር ከባድ ነው» ይሉናል። እንግዲያው ስልክህ ጠፋ እንበል። መታወቂያህን ይዘህ ሄደህ ሲምህን ታስተካለህ። ቁጥርህ ያው ነው። የቴሌብር ሂሳብህ እንዳለ ይጠብቅሃል፤ ምክንያቱም ብሩ የተቀመጠው ቀፎው ላይ ሳይሆን ቁጥሩ ላይ ነው። በጣም ጥሩ ሥራ ነው፣ መመስገን አለበት። ከዚያው ጋር ደግሞ ከመላ የተበደርካት ብርም ትጠብቅሃለች። የአየር ሰዓት ብድርም እንዲሁ። «ስልኬ ጠፍቷል፣ ዕዳውን ከዜሮ እንጀምረው» ብትል የሚሰማህ የለም። እስካሁን የትም አገር ለተበዳሪ «ዋናው ጤና ነው» ያለ አበዳሪ አልሰማሁም።

ጌሙም ውስጥ ነገሩ ያው ነው። አኒማል ክሮሲንግ ኒው ሆራይዘንስ ላይ ደሴቱ ላይ እንደደረስክ ቶም ኑክ የሚባለው ባለሱቅ የመጓጓዣ ሂሳብ ያሸክምሃል፤ ያንን ስትጨርስ ለመጀመሪያው ቤት 98,000 ቤል ያስበድርሃል። ዕዳህን አንዲት ቤል ሳይስት ይመዘግበዋል። ይኸው ጌም እ.ኤ.አ. ማርች 2020 ሲወጣ ግን ደሴትህን ወደ ሌላ ማሽን የምታሻግርበት መንገድ አልነበረውም። ለአንድ ማሽን አንድ ደሴት ብቻ ነበር የሚፈቀደው። እህትና ወንድም አንድ ማሽን ከተጋሩ ቀድሞ የከፈተው የደሴቱ ገዥ ሆኖ ይቀራል፤ ሌላው ተከራይ ነው። ራሷን ችላ ስትወጣ ቤቷን ይዛ መውጣት አትችልም። ማሻገሪያው የመጣው በዚያው ዓመት ኖቬምበር፣ ከስምንት ወር በኋላ ነው። መጣ ማለት ደግሞ ይቻል ነበር ማለት ነው።

እና ጥያቄው የቴክኒክ አይደለም። ለእነሱ የሚጠቅም ነገር ሲሆን መንገዱ ይገኛል። ለእኛ የሚጠቅም ሲሆን «ፋይሉ አይነበብም» ይሆናል።

መሸኛ

ቢሮክራሲያችንን የማያማ የለም፤ እኔም አማዋለሁ። አንድ ነገር ግን ገብቶታል። ከሻሸመኔ ወደ አዳማ የተዛወረ ሰው መታወቂያ ሊያወጣ ቀበሌ ሲሄድ መጀመሪያ የሚጠየቀው «መሸኛህስ?» ተብሎ ነው። መሸኛ ምንድን ነው? «ይህ ሰው እዚህ ኖሯል፤ የኖረውን ይዞ ይሂድ» የሚል ማኅተም ያለበት ወረቀት ነው። ትምህርት ቤት የቀየረ ተማሪ ሰባተኛ ክፍልን ደግሞ አይማርም። ሥራ የለቀቀ ሰው ክሊራንስ ይዞ ይወጣል። አስተላላፊው ይጽፋል፣ ተቀባዩ ይቀበላል፣ ሰውየው ከቆመበት ይቀጥላል። የሴቭ ዝውውር ማለት ይኸው ነው፤ እኛ ጋ ኮምፒውተር ሳይመጣ የነበረ ሐሳብ ነው።

ከተማዋም ራሷ ምስክር ናት። በአፄ ኃይለ ሥላሴ ዘመን ናዝሬት ተባለች፤ እ.ኤ.አ. በ2000 አዳማ የሚለው ስሟ በይፋ ተመለሰ። በዚያው ዓመት የኦሮሚያ ክልል መቀመጫ ከአዲስ አበባ ወደ አዳማ ተዛወረ፤ እ.ኤ.አ. በ2005 ደግሞ ተመልሶ ሄደ። ደብረ ዘይት ቢሾፍቱ ሆነች፣ ዝዋይ ባቱ ሆነች። በስሞቹ ላይ ሰው ዛሬም ይከራከራል፤ ይከራከር። ግን ስሙ በተቀየረ ማግስት የማንም ሱቅ አልፈረሰም፣ የማንም ዕቁብ አልተበተነም፣ ማንም «ከአንደኛ ክፍል ጀምር» አልተባለም። የፋይሉ ስም ተቀየረ እንጂ ሴቩ አልተነካም። የደላሎቹም የጋሪዎቹም አዳማ ያው ቀጠለች።

ሴቩ የተነካበት ጊዜም አለ። በ2010 ዓ.ም. ከሶማሌ ክልል የተፈናቀሉ ብዙ ቤተሰቦች አዳማን ጨምሮ በኦሮሚያ ከተሞች ሰፍረዋል። በ2012 ዓ.ም. ሰኔ መጨረሻ ሻሸመኔ ላይ ቤትና ሱቅ ተቃጥሏል። ከዚያ ቀደም እ.ኤ.አ. ከ2013 ማብቂያ ጀምሮ በጥቂት ወራት ውስጥ ከ160 ሺህ በላይ ኢትዮጵያውያን ከሳዑዲ ዓረቢያ ተመልሰዋል፤ ብዙዎቹ አንድ ሻንጣ ይዘው። ለእነዚህ ሁሉ የተሰጣቸው ምክር አንድ ነው፦ «አይዞን፣ ከዜሮ እንጀምራለን።»

ጌምን ከመፈናቀል ጋር እያስተካከልኩ አይደለም። የጠፋ የሲምስ ቤትና የተቃጠለ ቤት አንድ ሚዛን ላይ አይወጡም። የምለው ሌላ ነው። ለሁለቱም የምንሰጠው መልስ አንድ ዓይነት ነው፣ መልሱም ሰነፍ ነው። ከዜሮ የሚጀምር ሰው የለም። የስምንተኛ ክፍል ካርዱ የተቃጠለበት ልጅ ስምንተኛ ክፍል ተምሯል። ለዓመታት ሱቅ ያስተዳደረች እናት ሱቅ ማስተዳደር ታውቃለች። ሪያድ ላይ የሰው ቤት የመራች ሴት ሙያ አላት። የጎደላቸው ዕውቀት አይደለም፤ «ይህን ኖራለች» ብሎ የሚቀበላቸው ወገን ነው። «ከዜሮ ጀምሪ» ስንላት የኖረችውን ሰርዘንባታል። ዴሊት የሚለውን የተጫነው እኛ ነን፤ በትህትና፣ ትከሻዋን መታ መታ እያደረግን።

ሰርቨሩ ሲዘጋ

ኩባንያዎቹ ሲፈልጉ እንዴት እንደሚሠሩት ሁለት ጌሞችን ጎን ለጎን አስቀምጠን እንይ። እ.ኤ.አ. ማርች 2018 የወጣው ሲምስ ሞባይል ሁልጊዜ ከሰርቨር ጋር መገናኘት የሚፈልግ ጌም ነበር። ኤሌክትሮኒክ አርትስ ጌሙ ጃንዋሪ 20 ቀን 2026 እንደሚዘጋ አስታወቀ። ከዚያ ወዲህ ያ ቤት፣ ያ ቤተሰብ፣ ያ በእውነተኛ ገንዘብ የተገዛ ሶፋ የትም የለም። በሌላ በኩል ኒንቴንዶ በ2017 ያወጣውን አኒማል ክሮሲንግ ፖኬት ካምፕ በኖቬምበር 2024 ሲዘጋ፣ አንዴ ተከፍሎበት ያለ ሰርቨር የሚሠራ ሌላ አፕ አወጣ፤ የድሮውን ሴቭም ወደዚያ ለማሻገር ወራት ሰጠ። ሁለቱም ትልልቅ ኩባንያዎች ናቸው፤ ሁለቱም ሰርቨር ማቆየት ገንዘብ ያስወጣቸዋል። አንዱ ግን መሸኛ ጻፈ።

ይህን የምጠይቅ እኔ ብቻ አይደለሁም። አውሮፓ ውስጥ «ጌሞችን መግደል ይቁም» በሚል እ.ኤ.አ. በ2024 የተጀመረው እንቅስቃሴ በጁላይ 2025 ከአንድ ሚሊዮን ፊርማ አልፏል። ጥያቄያቸው ቀላል ነው፦ ሰርቨር ስትዘጉ የሸጣችሁልንን ነገር መጫወት የምንችልበት መንገድ ተዉልን።

«አንተ ደግሞ ክራክ እየተጫወትክ ምን መብት አለህ?» የሚለኝ እንዳለ አውቃለሁ። ሲምስ 4 ዋናው ጌም እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 2022 ጀምሮ በነፃ ነው፤ ስለዚህ ክሱ ለብዙዎቻችን አይሠራም። ከሠራም ነገሩን አስቡት። ክራክ የተጫወተው ልጅ ሴቩ ፍላሹ ውስጥ አለ፤ በሕጋዊ መንገድ ከፍሎ ሰርቨር ላይ የተጫወተው ግን ባዶ እጁን ቀርቷል። ታማኙን ደንበኛ ከሌባው አሳንሶ የሚያኖር አሠራር ስለ ሌብነት ሊያስተምረን አይችልም። «ሴቭ ከተሻገረ ተጫዋች ያጭበረብራል» የሚሉም አሉ። ብቻዬን በምጫወተው እርሻ ማንን ነው የማጭበረብረው? ዶሮዎቼን?

የምንጠይቀው

ከኩባንያዎች የምንጠይቀው አንድ ቁልፍ ነው፦ «ሴቭህን አውርድ» የሚል፣ ያለ ኔትወርክ የሚሠራ፣ ስልኩ ላይ ፋይል ሆኖ የሚቀመጥ። በቴሌግራም ለራሴ ልላከው፣ በፍላሽ ልያዘው፣ አዲሱ ስልክ ላይ ልጫነው። ከዚህ በላይ አልጠየቅንም።

ከሞባይል ቤቶችና ከጥገና ቤቶች የምንጠይቀው ሁለት ነገር ነው። ፎርማት ከማድረጋችሁ በፊት «ጌም ላይ ያስቀመጥከው ነገር አለህ?» ብላችሁ ጠይቁ። ለደንበኛ ጂሜይል ስትከፍቱ ፓስወርዱን በወረቀት ጽፋችሁ ስጡ፤ የስልኩ ካርቶን ላይም ቢሆን።

ከጌም ቤት ባለቤቶች፦ የደንበኛ ሴቭ የአደራ ዕቃ ነው። ሰው ጫማውን ሊስትሮ ጋ ትቶ ሄዶ ሲመለስ ጫማው ይጠብቀዋል፤ ማስተር ሊጉም ይጠብቀው።

ከእኛም የሚጠበቅ አለ። ዛሬ ማታ ያንን ፎልደር ገልብጡት። የታናሽ እህታችሁ ሲምስ ያለበትን ላፕቶፕ ከመሸጣችሁ በፊት ጠይቋት፣ ፍላሽ ስጧት። ሰው ነገሩ ሲጠፋበት ደግሞ ያቺን ርካሽ ምክር ዋጥ አድርጓትና በምትኩ «የቱ ድረስ ደርሰህ ነበር?» ብላችሁ ጠይቁት። ሴቩ ባይመለስ እንኳ የደረሰበትን የሰማለት አንድ ሰው ይኖራል።

ከዜሮ መጀመር የሚፈልግ መብቱ ነው፤ «አዲስ ጌም» የሚለውን ይጫን፣ መልካም ጸደይ ይሁንለት። የቀረነው ግን ከቆምንበት ነው የምንቀጥለው። መሸኛችንን ጻፉልን።